ሰም ያልነካው ክር

ሐሙስ ጠዋት፣ ጉሙ ገና ከመስኮቱ ሳይነሣ

ሩቅ ላለሽው ልጄ፣

እንደምን ከርመሻል? ልጆቹስ እንዴት ናቸው? ትንሿ ጥርሷን ነቀለች ብለሽ ነበር፤ አዲሱ በቀለላት? እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ደረጃ ባየ ቁጥር ይሰድበኛል እንጂ ሌላው አካላቴ ከእኔ ጋር ተስማምቶ ይኖራል።

ይህን የምጽፍልሽ ራሴ ነኝ። እስከ ዛሬ የደረሱሽን ደብዳቤዎች የጻፈችልኝ የመድኃኒት ቤቱ ሰውዬ ሚስት ነበረች። እኔ «ብርዱ በርትቷል፣ ጣሪያው ያፈሳል፣ ደህና ሁኚ» እላታለሁ፤ እሷ ጉንጯን በእጇ ደግፋ ትቆይና «ናፍቆትሽ እንደ እሳት ፈጀኝ» ብላ ትጽፋለች። ስታነብልኝ የሌላ ሴት ደብዳቤ የምሰማ ይመስለኝ ነበር። እኔ ልልሽ የምፈልገው ደግሞ በእሷ ጆሮ አልፎ የሚሄድ ዓይነት አልነበረም። አባትሽ ከሞተ በኋላ የጎልማሶች ትምህርት ገባሁ፤ ለሕፃናት በተሠራ አግዳሚ ላይ ተጣጥፌ ተቀምጬ ፊደል ቆጠርኩ። አሁን በእኔና በአንቺ መካከል ሰው የለም። ይህ ደስ ይልሽ እንደሆነ እንጃ።

ክፉውን ወሬ ላስቀድምልሽ። የአባትሽ የመታሰቢያ ድንጋይ ቀርቷል። መጋረጃ የሚገለጥበት ቀን የለም፣ ባንድ የለም፣ ንግግር የለም። ያስቀረሁትም እኔ ነኝ።

ልጆችሽን ይዘሽ ልትመጪ እንደነበር አውቃለሁ። «አባቴ ጀግና ነበር፤ ለምን ሳትነግሪኝ?» ያልሽበትን ወረቀት ራሴ በጣቴ እየተከተልኩ አንብቤዋለሁ። ያነበብኩት የመጀመሪያው ደብዳቤሽ እሱ ነው። አባትሽን ስንቀብር ሥራ አላመችሽም ነበር። ለጀግናው ግን ፈቃድ ተገኘ። ይህን የምልሽ ልወጋሽ ብዬ ነው፤ አንዴ ወግቼሽ ልለፍና ወደ ነገሬ ልግባ።

ነገሩ የጀመረው ፀጉር አስተካካዩ ሙሉ ልብስ ለብሶ በሬን ያንኳኳ ቀን ነው። ታስታውሽው ይሆናል፤ በመንገዱ መታጠፊያ ላይ ሱቅ የነበረው፣ መቀሱን ሥራ ሳይኖረውም የሚያንቀጫቅጨው። ነጻ የወጣን ሳምንት ሰው አስከትሎ መጥቶ በራችንን ሬንጅ የቀባው እሱ ነው። «ባንዳ» ብለው ጻፉበት አሉ፤ እኔ ማንበብ ስለማልችል ጥቁር ብቻ ነው ያየሁት። አንቺ ግን ያኔ ፊደል ጀምረሽ ነበርና አነበብሽው። አንብበሽ ስታበቂ ወደ አባትሽ ዞረሽ አየሽው። እሱን አስተያየት አልረሳሁትም፤ እሱም እስኪሞት አልረሳውም።

ዛሬ ሰውዬው የመታሰቢያ ኮሚቴው ሊቀመንበር ነው። ድሮ «አንቺ» ይለኝ የነበረው «እርስዎ» ሲለኝ ያኔውኑ ፈራሁ። ከወንበሩ ጫፍ ላይ ተቀምጦ፣ ኮፍያውን ጉልበቱ ላይ እያሽከረከረ፣ ባለቤቴ በዝምታ ታላቅ ሥራ እንደሠራ አሁን መታወቁን ነገረኝ። የወራሪዎቹን ካፖርት ቁልፍ በብልሃት እንዲረግፍ አድርጎ የሰፋው እሱ መሆኑ ተጣርቷል አለ። በዚያ በደረቁ ብርድ ጦሩ ደረቱ ተከፍቶ ተራራ የወጣው በእሱ ምክንያት ነው፤ እጁንም የሰበሩት ለዚሁ ነው አለኝ።

«ያኔ አላወቅንም ነበር» አለ።

«አሁንስ?» አልኩት።

«አሁንማ ሁሉም ሰው ያውቃል።»

ሁሉም ሰው ያውቃል። እሱን ነው አልጋዬ ላይ ተጋድሜ ሳገላብጠው የከረምኩት። አንቺም «ሁሉም ሰው» ከነገረሽ ነገር ላይ ነው ጀግናሽን ያገኘሽው። እኔ የማውቀው ግን ቤታችንን ነው፤ እስቲ ቤታችንን ልንገርሽ።

ያን ክረምት ቤታችን በካፖርት የተሞላ ነበር። ታስታውሻለሽ? ከጣሪያው ማገር ላይ በረድፍ ይሰቀሉ ነበር፣ ግራጫ፣ ከባድ፣ ራስ የሌላቸው። ወራሪዎቹ የአባትሽን ሱቅ ዘግተው መኪናውን ቤት አስገቡት፤ ጨርቁን በጋሪ እያመጡ ይደፉለታል፣ እሱ ይቆርጣል፣ በመኪና ይሰፋል፤ ኮሌታውንና ቁልፉን በእጅ የሚሠሩ የሰፈር ሴቶች ግቢው ውስጥ ባለው ዳስ ይቀመጣሉ። አንቺ የምትተኚው በተቆራረጠ ገበር ክምር ላይ ነበር። የሱፉ ብናኝ ቀን ከሌት አየር ላይ ይንሳፈፋል፤ ከምድጃው የሚወጣው ብርሃን ሲነካው ቤቱ በውኃ ውስጥ የሰመጠ ይመስላል። በር ሲከፈት ካፖርቶቹ ሁሉ ባንድነት ዞር ይላሉ። አንዳንዴ ነቅተሽ «እማዬ፣ ሰዎቹ አያወሩም?» ትይኝ ነበር። አያወሩም፣ ተኚ እልሻለሁ። አሁንም በሕልሜ የምኖረው እዚያ ቤት ነው። በመካከላቸው ስሄድ እጅጌያቸው ትከሻዬን ይነካኛል፤ ሰው የሌለው ልብስ ያን ያህል ለስላሳ መሆኑ ያስገርመኛል።

አባትሽ ወዶ አልሠራም። አልሠራም ቢል ምን እንደሚመጣ እናውቅ ነበር። ነገር ግን ልጄ፣ እውነቱን ልንገርሽ፤ አሳምሮ ሠራ። ያ ሰው ክፉ አድርጎ መስፋት አይችልም ነበር። መቀስ ሲይዝ ጨርቁ የማን ትከሻ ላይ እንደሚወድቅ አያስብም፤ የሚያስበው ትከሻውን ብቻ ነው። ኮሌታው ካልተኛለት አፍርሶ ይጀምራል። «ማን ይጨቀጭቅሃል? ለእነሱ እኮ ነው» እለዋለሁ። «ከእጄ የሚወጣው የእኔ ነው» ይለኛል። ተናድጄ ወጥቼ ግቢው ውስጥ እቆማለሁ፤ ከመስኮቱ ስመለከተው በዚያ ሁሉ ግራጫ መካከል ጎንበስ ብሎ ደስ ብሎት ይሠራል። ደስታው ነበር የሚያናድደኝ።

የእኔ ሥራ ሰም ነበር። የካፖርት ቁልፍ የሚሰፋበት ወፍራም ክር ከመሰፋቱ በፊት በሰም ቁራጭ ላይ ይሳባል፤ ሰሙ ክሩን ያጠብቀዋል፣ እርጥበት አያስገባም፣ ቋጠሮውን ይይዘዋል። ሰም ያልነካው ክር ሲሰፉት ያው ነው፤ ለጊዜው አይታወቅም። አንድ ሰሞን ዝናብ ካገኘው፣ ካፖርቱም ሲከፈት ሲዘጋ ከሰነበተ፣ ይላላል፣ ይሳሳል፣ ከዚያ ቁልፉ በራሱ ይወርዳል። እኔ እየሳብኩ በመርፌ ሰክቼ ለሴቶቹ አቀብላለሁ። ቀኑን ሙሉ እጄ ማር ማር ይሸት ነበር።

አንድ ቀን የግምጃ ቤቱ መኮንን አንድ ኮት በክንዱ ጣል አድርጎ መጣ። ቡናማ ነው፣ የሲቪል። ይጠብልኝ አለ። አባትሽ ገልብጦ ሲያየው ቆየ። እኔም ከወዲያ ሆኜ ገበሩን አወቅሁት፤ ለመምህሩ ለሠርጉ የሰፋለት ኮት ነው። መምህሩን ከዚያ በፊት በነበረው ሳምንት ከትምህርት ቤቱ ጓሮ ወስደውት አልተመለሰም ነበር። አባትሽ ምላጩን አነሣና የገዛ ራሱን ስፌት መተርተር ጀመረ። መኮንኑ ከሄደ በኋላ «ትሠራዋለህ?» አልኩት።

«ኮት ነው» አለኝ።

ጠበበ፤ አማረም። መኮንኑ መስተዋት ፊት ሲዞር አባትሽ ከጀርባው ቆሞ በጣቱ ትከሻውን አስተካከለለት። እኔ ወደ ዳሱ ተመለስኩና የሰሙን ቁራጭ ጥግ ላይ አስቀመጥኩት። ከዚያ ቀን ጀምሮ ክሩን እንዲሁ ደረቁን አቀበልኩ።

ሴቶቹ ወዲያው አወቁ። ሲሰፉ የኖሩ እጆች ናቸው፤ ደረቅ ክር ጣት ላይ ይንሿሿል። የመጀመሪያዋ ሳቂታ ነበረች፤ በትንሽ በትልቁ ስለምትስቅ ነው እንደዚያ የምንላት። ክሩን በጣቷ አሻሸችው፣ ቀና ብላ አየችኝ፣ ቀጥሎም ሰሙን ጥግ ላይ አየችው። ልትስቅ ነው ብዬ ነፍሴ ወጣች። አልሳቀችም። ጎንበስ ብላ ሰፋች። ከእሷ ቀጥላ ያለችውም ክሩን ነክታ ዝም አለች። የዚያችኛዋም ጎረቤት እንዲሁ። ማንም ለማንም አንድ ቃል አልተነፈሰም፤ የተማከርንበት ቀን የለም፣ የተማማልንበት ቦታ የለም። መርፌው ብቻ ይገባል ይወጣል። ዝናቡ የዳሱን ቆርቆሮ ሲደበድብ እኛ እንደ ተኛ ሰው በዝግታ እንተነፍሳለን። በዕድሜዬ እንደዚያ ከሰው ጋር አብሬ የነበርኩበት ጊዜ ያ ብቻ ነው።

አባትሽስ አላወቀም? እንዴት አያውቅ። አንድ ማለዳ ከመኝታዬ ስነቃ ከጎኔ የለም። ወደ ሥራ ክፍሉ ብቅ ስል ካፖርቶቹን አንድ በአንድ እያወረደ፣ የሴቶቹን ቁልፍ በምላጭ እየፈታ፣ በሰም በተሳበ ክር እንደ ገና ይሰፋቸዋል። አንገቱን አላቀናም። እኔም በሩ ላይ ቆሜ አየሁትና ተመልሼ ተኛሁ። በማግስቱ ደረቁን ክር አቀበልኩ። እሱ በማለዳ ተነሥቶ ፈታው። እኔ ሳላላ እሱ ሲያጠብቅ፣ በአንድ ጣሪያ ሥር፣ አንድ ቃል ሳንነጋገር፣ ውጭ ካለው ጦርነት የከፋ ጦርነት ገጠምን። እራት አብረን እንበላ ነበር። «ውኃ አቀብይኝ» ይለኛል፤ አቀብለዋለሁ።

ታዲያ እንዴት ቁልፍ ረገፈ ትይኝ ይሆናል። አባትሽ ታሞ ነው። ሳንባው በርዶት አልጋ ላይ ዋለ፤ በትኩሳት ሲቃዥ የጨርቅ ልክ ይቆጥራል። በዚያ መካከል ጋሪው መጥቶ የተሰቀለውን ሁሉ ጭኖ ሄደ። እሱ ሲነሣ ማገሩ ባዶ ነበር። ባዶውን ማገር ሲመለከት ፊቱ የነበረውን ነገር እስከ ዛሬ ስም አላገኘሁለትም።

ከዚያ ዝናቡ አልፎ ያቺ ጠዋት መጣች። እሷን አንቺም አይተሻታል። አመዳይ ጥሎ ነበር፤ መንገዱ ነጭ ሆኖ ጉሙ ከጣሪያው በታች ይሄዳል። ጦሩ ወደ ተራራው ሊሻገር በመስኮታችን ሥር አለፈ። ረድፉ አያልቅም ነበር። እያንዳንዱ ሰው ግራ እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ ካፖርቱን ጨምድዶ ይዞታል፤ ጠመንጃው በአንድ ትከሻው ተንጠልጥሏል። ድምፅ የላቸውም፤ የሚሰማው ጫማቸው ብቻ ነው። የሚምል ሕዝብ ይመስሉ ነበር፤ ወይም ባንድ ጊዜ ልባቸውን ያመማቸው። አንቺ አፍንጫሽን መስተዋቱ ላይ ለጥፈሽ «እማዬ፣ ሁሉንም ምን ነካቸው?» አልሽ። ከማዶ ካለው ቤት አንድ ሰው ሲስቅ ሰማሁ፤ ቀጥሎም ከሌላ ቤት፣ ቀስ ብሎ፣ ከመጋረጃ ኋላ። ጦሩ ከገባ ጀምሮ ያ ከተማ ስቆ አያውቅም ነበር።

ያቺን ጠዋት ዛሬ ያላየ የለም። ያልተወለዱትም አይተዋታል። ፀጉር አስተካካዩ በእጁ ደረቱን ይዞ አካሄዳቸውን ሲያሳየኝ ምን ያህል እንደሚያምርለት ብታዪው፤ እሱ ግን ያኔ ከተማው ውስጥ አልነበረም፣ አክስቱ ዘንድ ገጠር ተደብቆ ነበር። አልነገርኩትም። ሰው የሚሞቅበትን ምን ብዬ እነጥቃለሁ።

በሦስተኛው ቀን መኮንኑ መጣ። የመምህሩን ኮት ለብሷል። ሁለት ወታደሮች አብረውት ገቡ፤ አንቺን ሳቂታ በጓሮ በር ይዛሽ ወጣች። መኮንኑ አልጮኸም፤ ድምፁ እንደ ታከተው ሰው ነበር። አንድ ቁልፍ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠና ይህን የሰፋው እጅ የማን ነው አለ። እኔ ከምድጃው አጠገብ ቆሜአለሁ። ሴቶቹ ዳሱ ውስጥ በመስኮት ይታያሉ፤ አንዷም መርፌዋን አላቆመችም። አፌን ልከፍት ነው ወይስ አልከፍትም፣ አሁን ሳስበው አላውቀውም። አባትሽ ቀደመ።

«የእኔ እጅ ነው» አለ።

«ሴቶቹ አይደሉም የሚሰፉት?»

«ሴቶቹ አይችሉም። ቁልፉን የምሰፋው እኔ ነኝ። ክሩ መጥፎ ነበር፤ አየሁ፣ ዝም አልኩ።»

ይህን የተናገረው ማነው? ያልተስተካከለ ኮሌታ ለጠላት እንኳ መስጠት የማይችል ሰው። በሕይወቱ የተናገረው ትልቁ ውሸት በሥራው ላይ ነበር። ወታደሮቹ ቀኝ እጁን ጠረጴዛው ላይ ዘረጉት፤ ያን ከባዱን የከሰል ካውያ አነሡ። ከዚህ ወዲያ አልጽፍልሽም። ለአንቺ «መኪናው ያዘው» አልንሽ። ከተማው ደግሞ ከመኮንኑ ጋር ጠጥቶ ከደረጃ ወደቀ አለ። መኪናው ያልነው እኛ ስለሆንን በእሱ አላዝንም።

ከዚያ በኋላ የብርዱን ወራት ሁሉ አላናገረኝም። ያ እጅ እንደ ደረቀ ሥር ተጠማዞ ቀረ፤ መቀስ አልያዘም። እየመገብኩት፣ እያለበስኩት፣ የእሱን ቁልፍ እየቆለፍኩለት ሰነበትን። ብርዱ ሲለቅ አንድ ቀን የጎረቤት ካፖርት ስጠግን አጠገቤ መጥቶ ቆመ። «ክሩን በሰም ሳትስቢ አትስፊ» አለኝ። ብሎኝ ያበቃው ይህን ብቻ ነው። ሌላ ነገር ጠብቄ ነበር፤ ስድብም ቢሆን። ከዚያ ወዲህ እሱ አፍ፣ እኔ እጅ ሆነን ኖርን። ቆሞ «ትንሽ ወደ ግራ፣ አሁን ቁረጪ» ይለኛል። አንቺን ያሳደገሽ እሱ ነው፤ የእሱ አፍና የእኔ እጅ።

ሬንጅ ሲቀቡን ወጥቼ ልንገራቸው ብዬ ነበር። በደህናው እጁ ክንዴን ያዘኝ። «ከእጁ ቁልፍ ይረግፋል ከሚሉኝ ባንዳ ይበሉኝ» አለኝ። ቀልዱን መሰለኝ፤ ግን ቀልዱን አልነበረም። አንቺን ግን አሰብኩ። ትምህርት ቤት «ካፖርት» እያሉ ይጠሩሽ ነበር፤ እያለቀስሽ ስትመጪ እሱ ግድግዳውን ያያል። ለእሷ እንኳ ንገራት ስለው «ታድግና ይገባታል» ይለኝ ነበር። አደግሽ፣ ሄድሽ፤ የገባሽው ሌላ አገር ነው።

እኔንም ንጹሕ ናት ብለሽ እንዳትይኝ። አንድ ጊዜ አንድ ወታደር፣ ጢሙ እንኳ ያልበቀለ፣ ብቻውን መጥቶ መዳፉን ዘረጋልኝ፤ ቁልፍ ይዟል። በቋንቋው ምን እንዳለ አልገባኝም፤ ጥርሱ ይንቀጠቀጥ ነበር። ተቀብዬ ሰፋሁለት። ክሩንም በሰም ሳብኩት። ለምን እንደሆነ አትጠይቂኝ። እንግዲህ ኮሚቴው እኔን በየትኛው ድንጋይ ላይ ይጽፈኝ ይሆን?

ባለፈው ሳምንት ሙዚየም ወሰዱኝ። እዚያ የምትሠራው ልጅ ደግ ናት፤ ደረጃውን ደግፋ አወጣችኝ። በመስተዋት ሣጥን ውስጥ ካፖርቱ ቆሟል፣ ከታች መብራት ተደርጎለት። አንዱ ከሕልሜ ወጥቶ የመጣ መሰለኝ። ቁልፍ የለውም። ቁልፎቹስ አልኳት። ፊቷ ቀላ። «እማማ፣ ሲመጣ ሁሉም ነበሩት፤ ሰው ሲያየው እንዲገባው ብለን ቆረጥናቸው» አለችኝ። ጠጋ ብዬ አየሁ። የክሩ ጉቶዎች ቀርተዋል፤ ቀጥ ብለው፣ ከነሰማቸው ቆመው። አባትሽ በማለዳ ተነሥቶ ካጠበቃቸው አንዱ ነው። ይህን ሁሉ ዘመን ቁልፉን ይዞ ቆይቶ የገዛ ሙዚየማችን መቀስ ነው የረታው። ልጅቷ የሳቸው እጅ ነው ወይ አለችኝ። የእሱ እጅ ነው አልኳት። ደስ ብሏት ጻፈች።

እስከዚያ ድረስ ዝም ልል ነበር ልጄ። አንቺ እንድትመጪ። ልጆችሽ መጋረጃ ሲገለጥ እንዲያጨበጭቡ። ክፍልሽን አራግፌ፣ አንሶላ ዘርግቼ፣ ውሸት ከሆነ ይሁን፣ ስንት ውሸት ሲያሞቅ አይተናል ብዬ ነበር። ኋላ ፀጉር አስተካካዩ ድንጋዩ ላይ የሚቀረጸውን ጽሑፍ አመጣልኝ። ሊያነብልኝ ሲል ነጥቄ ራሴ አነበብኩት። «ለአገሩ ሲል እጁን የሰጠ» ይላል። ደግሜ አነበብኩት።

«ለአገሩ አይደለም» አልኩት።

«ታዲያ ለማን ነው?»

«ለእኔ ነው።»

አእምሮዬን የሳትኩ መስሎት ውኃ ልጥራልዎት ወይ አለኝ። ቁጭ አድርጌ ሁሉን ነገርኩት፤ ሰሙን፣ ሴቶቹን፣ ማለዳ ማለዳ የሚፈታውን ቁልፍ። ስጨርስ ኮፍያው መሽከርከሩን አቁሟል። እንግዲያው ለሴቶቹ እናድርገው፣ ማን ማን ናቸው አለኝ። ሞተዋል አልኩት፤ ያለችው ሳቂታ ብቻ ናት፣ እሷም የገዛ ልጇን አታውቅም። ሄደው ጠየቋት። ሳቀችባቸው።

ስለዚህ የድንጋዩ መቆሚያ አደባባዩ ላይ ባዶውን ተሠርቶ ቀርቷል፤ እርግቦች ይቀመጡበታል። ፀጉር አስተካካዩ ሲሄድ ከበሩ ተመልሶ፣ «እርስዎ»ውን ትቶ፣ «አንቺ ሴትዮ፣ ልጅሽ እኮ ልትመጣ ነበር። ምን ልትያት ነው?» አለኝ። የማላስበው መስሎታል።

ይኸው የምልሽ። አባትሽ ለእነሱ ሰፋ፣ አሳምሮ ሰፋ። ከተማው ባንዳ ሲለው ግማሹን አልዋሸም። ጀግና ሲለው ግን ሙሉውን ዋሸ፤ ምክንያቱም አባትሽ ለአገር ብሎ ጣቱን አላነሣም፣ አገሩም ትከሻና ኮሌታ ነበር። ያን ቀን በሩ ላይ አገር አልቆመችም፤ እኔ ነኝ ከምድጃው አጠገብ የቆምኩት። አንድ ደግ ቃል ሳይነግረኝ የሞተ ሰው ነው። ያለኝ ያቺ «የእኔ እጅ ነው» ያላት ቃል ብቻ ናት። አገር ብዙ ነገር ወስዳለች፤ መምህሩን፣ ወጣትነቴን፣ አንቺን። ይህችን ልሰጣት አልቻልኩም።

ለልጆችሽ ጀግና ነበር ብለሽ ነግረሻቸው ከሆነ አታፍርሺባቸው። አያታችሁ ካፖርት አሳምሮ ይሰፋ ነበር ብትያቸውም ይበቃል።

እግዜር መንገድሽን ያቅናልሽ። ልጆችሽን ያሳድግልሽ፣ በብርድ አያስመታብሽ። እንጀራሽ አይጉደል፣ ቤትሽን ባዶ አያድርገው። ያስቀየምኩሽን ይቅር በይኝ፤ ያላስቀየምኩሽንም አብረሽ።

ሥነ ሥርዓት የለም ብለሽ ትቀሪ እንደሆነ አትጻፊልኝ። የምትመጪ ከሆነም የምትመጪበትን ቀን አትንገሪኝ፤ ከነገርሽኝ ከማለዳ ጀምሬ በር ላይ ስቆም የመድኃኒት ቤቱ ሰውዬ ሚስት ታየኛለች። ዝም ብለሽ ግቢ፤ በሩ አይዘጋም።

እናትሽ፣
የልብስ ሰፊው ሚስት